በፀሐይ ቤተ መቅደስ ላይ የቆመ ገዳም



ዛሬ የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ልናገርና በቀጥታ ወደ ፔሩ ልውሰዳችሁ። ሜይ 21 ቀን 1950 በአንዲስ ተራሮች ላይ ያለችውን የኩስኮን ከተማ ብርቱ የመሬት መንቀጥቀጥ መታት። ኩስኮ ከባሕር ወለል በላይ 3,400 ሜትር ገደማ ላይ የተቀመጠች ደገኛ ከተማ ናት፤ ከደብረ ብርሃን እንኳ ትበልጣለች። በዚያን ዕለት ክፉኛ ከተጎዱት ሕንጻዎች አንዱ የዶሚኒካውያን መነኮሳት ገዳም፣ ሳንቶ ዶሚንጎ ነበር። ስፔናውያን ያቆሙት ግንብ ተሰነጣጠቀ፤ ብዙው ተናደ። ከሥሩ የነበረው የኢንካዎች ግንብ ግን ባለበት ቆመ። ከውጭ በኩል ያለው ክብ ግንብ ድሮም ለመንገደኛ ይታይ ነበር። በገዳሙ ውስጥ፣ ከልስንና ከግድግዳ ጀርባ ተሸሽገው የኖሩት ክፍሎች ግን ያን ጊዜ ነው ለዓይን የወጡት።

ቦታው ኮሪካንቻ ይባላል። ኢንካዎች ከመቅደሶቻቸው ሁሉ አብልጠው የሚያከብሩት የፀሐይ ቤት ነበር፤ ግድግዳው በወርቅ ሰሌዳ የተለበጠ። ስፔናውያን ንጉሡን አታዋልፓን ማርከው ቤዛ በጠየቁ ጊዜ፣ በ1533፣ ወርቁ ከግድግዳው እየተፈለቀቀ ተወሰደ። ቤዛው ተከፈለ፤ ንጉሡም ተገደለ። ባዶ የቀረው ቤት ለድል አድራጊው ለፍራንሲስኮ ፒሳሮ ወንድም ለሁዋን ፒሳሮ ደረሰው፤ እሱም ለዶሚኒካውያን ሰጣቸው። መነኮሳቱ ግንቡን ሙሉ በሙሉ አላፈረሱትም። ለመሠረት የሚሆን ከዚያ የተሻለ ከየት ያገኛሉ?

ስለ ድንጋዩ ጥቂት ልበል። ጠቆር ያለ ግራጫ ነው። አንዱ ከሌላው የተገጠመው ያለ ጭቃ፣ ያለ ኖራ ነው፤ በመጋጠሚያው መካከል የቢላ ስለት አይገባም ሲሉ ለማጋነን አይደለም። ግድግዳው ቀጥ ብሎ አልቆመም፣ ወደ ውስጥ ዘንበል ብሏል። በሩም፣ መስኮቱም፣ በግድግዳው ውስጥ የተፈለፈለው ጎድጓዳ መደርደሪያም ከታች ሰፋ፣ ከላይ ጠበብ ያለ ነው። ምድር ስትናወጥ ድንጋዮቹ በየራሳቸው ጥቂት ይነቃነቁና ተመልሰው ቦታቸውን ይይዛሉ። በኖራ የተያያዘው የስፔኖች ግንብ ግን ወይ እንዳለ ይቆማል፣ ወይ ይፈርሳል፤ መካከለኛ የለውም።

ከመንቀጥቀጡ በኋላ ክርክር ተነሣ። ገዳሙ ይጠገን ወይስ ይነሣና የፀሐይ ቤት ይውጣ? በመጨረሻ ሁለቱም እንዲቆዩ ሆነ። ዛሬ ወደዚያ የገባ ሰው ዙሪያውን የስፔን ቅስቶች በከበቡት ግቢ ውስጥ ይቆምና በቅስቶቹ መካከል የኢንካዎቹን ክፍሎች ያያል። ብዙ ሰው ይህን ሲያይ ያዝናል፤ ሌላው ይደነቃል። እኔ ግን አንድ ጥያቄ ነው የሚመጣብኝ፦ የላይኛውስ ቢሆን የማን ሥራ ነው? ድንጋዩን የጠረበው፣ እንጨቱን የቀረጸው፣ ወርቁን የቀባው ማን ነው? ስለ ስፔንኛ ተናጋሪው ዓለም ካቶሊካዊ ቅርስ የሚጻፈው ብዙ ጊዜ ስፔን ለአሜሪካ እንደሰጠችው ስጦታ ተደርጎ ነው። የዛሬው ንግግሬ ይህን የሚሞግት ነው። እምነቱን ስፔን አመጣችው፤ በግድም ጫነችው። ቅርስ ያደረጉት ግን እምቢ ለማለት አቅም ያጡት ሰዎች ናቸው፤ ከውስጥ ገብተው የራሳቸው አደረጉት።

በሌላው መቅደስ ላይ የራስን መቅደስ መሥራት ስፔናውያን አሜሪካ ደርሰው የጀመሩት ነገር አይደለም፤ በአገራቸው የለመዱት ነው። በ8ኛው መቶ ዘመን መሠረቱ የተጣለው የኮርዶባ ታላቅ መስጊድ፣ ከተማዋ በ1236 በክርስቲያኖች እጅ ስትወድቅ ቤተ ክርስቲያን ሆነ። በ16ኛው መቶ ዘመን ደግሞ ከ800 በላይ በሆኑት ምሰሶዎቹ መካከል ሙሉ ካቴድራል ተተከለበት። በሴቪያ የመስጊዱን ሚናራ አላፈረሱትም፤ በ1568 ከላዩ የደወል ቤት ጨመሩለትና ሂራልዳ ተብሎ የከተማዋ መለያ ሆነ። ኩስኮ የደረሱት በዚህ ልማድ ያደጉ ሰዎች ናቸው።

የከተሞቹ አቀያየስም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። የስፔኑ ንጉሥ ዳግማዊ ፊሊፕ በ1573 ባወጣው ደንብ አደባባዩ ርዝመቱ ቢያንስ የወርዱን አንድ ተኩል እጥፍ እንዲሆን አዟል፤ ምክንያቱ ደግሞ ፈረስ ለሚጋለብባቸው በዓላት እንዲመች ነው። የወደብ ከተማ ከሆነም ቤተ ክርስቲያኑ ከባሕር ለሚመጣ ሰው መታየት አለበት ይላል። ጥሩ ደንብ ነው፤ ብቻ ሲወጣ ሊማም፣ ኪቶም፣ ሜክሲኮም ከተቆረቆሩ ቆይተው ነበር። መንግሥት ብዙ ጊዜ የሆነውን አይቶ ነው የሚደነግገው። የኩስኮ አደባባይ ደግሞ ከነጭራሹ የስፔን ሥራ አልነበረም። ኢንካዎች በዓላቸውን የሚያከብሩበት ሰፊ ሜዳ ነበር፤ ስፔናውያን ቆራርሰው አጠበቡት።

በዚህ አደባባይ ላይ ያለው ካቴድራል ከ1560 እስከ 1654 ድረስ ተሠራ። ድንጋዩ ብዙውን ከከተማዋ በላይ ካለው ከሳክሳይዋማን የኢንካ ምሽግ እየተፈነቀለ የወረደ ነው፤ ያወረደውም የአገሬው ሰው ጉልበት ነው። ውስጥ ገብታችሁ የማርኮስ ሳፓታን የመጨረሻ እራት ፈልጉ። በ18ኛው መቶ ዘመን የተሳለ ትልቅ ሥዕል ነው። ጌታችን ከሐዋርያቱ ጋር ተቀምጧል፤ በማዕዱ መካከል ባለው ሳህን ላይ ደግሞ በጀርባው የተንጋለለ፣ አራት እግሩን ወደ ላይ የሰቀለ አንድ ትንሽ ጥብስ እንስሳ አለ። ኩይ ነው፤ የአንዲስ ገበሬ በማጀቱ የሚያረባውና ለበዓል የሚያርደው፣ ከጥንቸል የሚያንስ እንስሳ። ጎብኚዎች እዚያ ሲደርሱ ይስቃሉ፤ አስጎብኚዎችም ለዚሁ ብለው ያቆሟቸዋል። እኔ የሚያስቅ ነገር አይታየኝም። ፋሲካን ያለ ዶሮ ወጥ ማሰብ የሚቸግረው ሰው ሠዓሊው ምን እንዳደረገ ለመረዳት አይደክምም።

ሳፓታ ብቻውን አልነበረም። በኩስኮ የአገሬው ሠዓሊዎችና ስፔናውያኑ በአንድ የሙያ ማኅበር ሥር ይሠሩ ነበር። ጠቡ እየከረረ ሄዶ በ1688 ገደማ የአገሬዎቹ ተለይተው ወጡ። ከዚያ ወዲያ ብሩሻቸው እንደ ልቡ ሆነ። የልብሱን ጥለት በወርቅ ያትሙታል፤ ጥላና ብርሃን፣ የርቀት አሳሳል እያሉ አይጨነቁም። በዚሁ በኩስኮና ከዚያ ወደ ደቡብ ባለው ደጋ አካባቢ ጠመንጃ የያዙ የመላእክት አለቆች ብቅ አሉ። ዳንቴል ለብሰው፣ ላባ የተሰካበት ባርኔጣ ደፍተው፣ አንዱ ባሩድ ሲሞላ ሌላው ትከሻው ላይ ሲያነግት ታያላችሁ። በአውሮፓ ካቶሊካዊ ሥዕል ይህን የሚመስል አታገኙም።

የኩስኮን ሰው በሥራው ላይ ማየት የፈለገ ግን በኮርፑስ ክሪስቲ ቀን ይሂድ። ከፋሲካ 60 ቀን በኋላ በሐሙስ የሚውል የቅዱስ ቁርባን በዓል ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ በጁን ይሆናል። ጁን የኢንካዎች የፀሐይ በዓል ወርም ነበር። ኢንካዎች በታላላቅ በዓላቶቻቸው የሞቱ ነገሥታቶቻቸውን የደረቀ በድን አልብሰው፣ አስጊጠው፣ በወሳንሳ ወደ አደባባይ ያወጡ ነበር። ስፔናውያን በድኖቹን በ1559 አድነው ሰበሰቧቸው፤ ጥቂቶቹንም ወደ ሊማ ላኩ። አደባባዩ ግን ባዶውን አልቀረም። ዛሬ ከየሰበካው 15 የቅዱሳንና የእመቤታችን ምስሎች በሰው ትከሻ ወደዚያው ይመጣሉ። ቅዱስ ሄሮኒሞስና ቅዱስ ሰባስቲያኖስ በመንገድ ላይ ይሽቀዳደማሉ፤ የሁለቱ ሰበካ ወጣቶች ናቸው የሚሮጡት፤ ሰው የሚያወራው ግን ስለ ቅዱሳኑ ነው፤ ማን ቀደመ፣ ማን ዘገየ። ምስሎቹ ካቴድራሉ ውስጥ ሳምንት ይቆያሉና ይመለሳሉ። በአደባባዩ ዙሪያ የሚበላው ቺሪኡቹ የተባለ ቀዝቃዛ ምግብ ነው፦ የተጠበሰ ኩይ፣ ዶሮ፣ ቋንጣ፣ የበቆሎ ቆሎ፣ አይብ፣ የዓሣ እንቁላልና የባሕር አረም በአንድ ሳህን ላይ። ደጋውና ባሕሩ አብረው ይቀርባሉ።

ይህ የተሸፋፈነ የፀሐይ አምልኮ ነው የሚሉ ምሁራን አሉ። አይደለም፣ ንጹሕ ክርስትና ነው የሚሉም አሉ። ሁለቱም ወገኖች በተሸካሚው ልብ ውስጥ ሁለት ክፍል ያለ ይመስላቸዋል። ከ400 ዓመት በላይ አንድን ነገር ከአባት ወደ ልጅ ሲያሻግር የኖረ ሰው የትኛው ክፍል የማን እንደሆነ መልስ እንዲሰጥ የሚጠየቅበት ምክንያት አይገባኝም።

ከካቴድራሉ አጠገብ የድል ቤተ ክርስቲያን የሚሏት ትንሽ ጸሎት ቤት አለች። በ1536 የኢንካዎቹ መሪ ማንኮ ኢንካ ኩስኮን ከቦ ስፔናውያንን ባስጨነቀ ጊዜ ሐዋርያው ያዕቆብ በነጭ ፈረስ ተገልጦ አዳናቸው ይባላል። ሐዋርያው በስፔን ሳንቲያጎ ነው፤ መቃብሩ አለበት የሚባለው ሳንቲያጎ ዴ ኮምፖስቴላ እስከ ዛሬ የተሳላሚ አገር ነው። በስፔን ሥዕል ፈረሱ የሚረግጠው ሙስሊም ወታደር ነበር። ፔሩ ሲደርስ ከኮቴው ሥር ያለው ሰው ተለወጠ፤ ኢንካ ሆነ። አስደናቂው ነገር የተረገጡት ሰዎች ልጆች ሳንቲያጎን መውደዳቸው ነው። ነጎድጓድና መብረቅ የሚያወርደውን ኢያፓ የተባለውን አምላካቸውን በእሱ ውስጥ አዩት። ይህን ምስል ያዙልኝ፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

ሜክሲኮን በአጭሩ ልለፋት፤ ስለ እሷ ብዙ ተጽፏል። ቾሉላ ላይ ከሩቅ ኮረብታ የሚመስል ነገር አለ፤ በግዝፈት በዓለም ትልቁ ፒራሚድ ነው፤ አናቱ ላይ ስፔናውያን ለእመቤታችን ቤተ ክርስቲያን ሠርተዋል። ቴፔያክ ላይ ደግሞ የጓዳሉፔ እመቤት በ1531 ለአገሬው ሰው ለሁዋን ዲዬጎ ተገለጠችለት ተብሎ ይታመናል። ከዚያ በፊት ኮረብታው ቶናንጺን የምትባል የአገሬው እመ አማልክት የሚሳለሙበት ነበር። ፍራንሲስካዊው ሳሃጉን በዚያው በ16ኛው መቶ ዘመን ሕዝቡ ማርያምን በዚያ ስም ይጠራል ብሎ አምርሮ ጽፏል። ማንም አልሰማውም። በ1976 የተመረቀው አዲሱ ባሲሊካ ሰው እንዳይጨናነቅ ከሥዕሏ በታች የሚንቀሳቀስ ወለል ተዘርግቶለታል፤ ምእመኑ ቆሞ እየጸለየ ወለሉ ይወስደዋል።

የኢኳዶሯ ኪቶ ላይ ጥቂት ልቆይ፤ ለእኛ ቅርብ የምትሆንበት ምክንያት አላት። ዩኔስኮ በ1978 የመጀመሪያዎቹን 12 የዓለም ቅርሶች ሲመዘግብ በአንድ ዝርዝር ውስጥ ኪቶም ላሊበላም ነበሩ። የኪቶው የቅዱስ ፍራንሲስኮስ ገዳም ሥራው የተጀመረው ከተማዋ በ1534 ከተመሠረተች ብዙ ሳይቆይ ነው፤ መነኮሳቱም ለአገሬው ልጆች የቅርጻ ቅርጽና የሥዕል ትምህርት ቤት ከፈቱ። የኢየሱሳውያን ቤተ ክርስቲያን፣ ላ ኮምፓኚያ፣ ከ1605 እስከ 1765 ድረስ 160 ዓመት ፈጅታለች፤ ውስጧ ከወለሉ እስከ ጣሪያው ወርቅ ቅብ ነው። ሕዝቡ የሚያወራው ግን ስለ ካንቱኛ ነው። ካንቱኛ የፍራንሲስኮስን ቅጥር የሚሠራ የአገሬው ግንበኛ ነበር፤ ጊዜ አለቀበትና ለዲያብሎስ ነፍሱን ሸጠ። አጋንንት ሌሊቱን ሙሉ ሠሩ። ሲነጋ ግን አንድ ድንጋይ ጎደለች፤ ካንቱኛም ነፍሱን አስመለሰ። ላሊበላ ላይ ሌሊቱን የሚሠሩት መላእክት ናቸው፤ ኪቶ ላይ አጋንንት። ልዩነቱን በቅኔ ብቻ አትለፉት። ላሊበላን ያሠራው የአገሩ ንጉሥ ነው። የኪቶው ግንበኛ የሚሠራው ለሌላ ጌታ ነው፤ በተረቱ ውስጥ ብልጠቱ የምትጎድለዋን ድንጋይ ማግኘቱ ላይ ነው።

አሁን ወደ ሊማ፣ ወደ አፍሪካውያኑ እንምጣ። በ17ኛው መቶ ዘመን ከሊማ ሕዝብ ብዙው ከአፍሪካ በባርነት የመጣና የእነሱ ልጅ ነበር። ፓቻካሚያ በሚባለው ሰፈር አንጎላውያን የማኅበር ቤት ነበራቸው። በ1651 ከእነሱ አንዱ በጭቃ ጡብ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ክርስቶስ ሣለ። በ1655 መሬት ተንቀጠቀጠች፤ ሰፈሩ ፈረሰ፤ ያች ደካማ ግድግዳ ቆመች። ሰው መሰብሰብ፣ ሻማ ማብራት፣ በሌሊት መዘመር ጀመረ። ይህ ባለ ሥልጣኖቹን አላስደሰተም፤ ሥዕሉ እንዲደመሰስ ታዘዘ። ሊደመስስ መሰላል ላይ የወጣው ሠዓሊ ተንቀጥቅጦ ወረደ፤ ከእሱ ቀጥሎ የወጣውም እንዲሁ፤ ይባላል። በ1671 የንጉሡ እንደራሴ ራሱ ሥዕሉ እንዲከበር ፈቀደ። በ1687 ሌላ ታላቅ መንቀጥቀጥ ሲመጣ የሥዕሉ ቅጂ ወደ መንገድ ወጣ፤ ከዚያ ወዲህ በየኦክቶበሩ ይወጣል።

ይህ የተአምራት ጌታ የሚባለው ነው። በኦክቶበር ሊማ ሐምራዊ ትለብሳለች። ከአንድ ቶን በላይ የሚመዝነውን ዙፋን የሚሸከሙት በ20 ጭፍራ የተከፈሉ ማኅበርተኞች ናቸው፤ እየተፈራረቁ። ከፊቱ ነጭ ሻሽ የደፉ ሴቶች ዕጣን እያጠኑ ወደ ኋላ ይራመዳሉ፤ ጀርባቸውን ለጌታ መስጠት ነውር ነውና። የፔሩ ስደተኞች ዛሬ ይህንኑ በኒው ዮርክ፣ በማድሪድ፣ በሚላኖ ያወጡታል። ስሙ በትክክል ያልተያዘ አንድ ባሪያ በጭቃ ግድግዳ ላይ የሣለው ሥዕል የሊማን ካቴድራል በዝና በልጦታል። ካቴድራሉን ማን እንዳሠራው ግን ተጽፏል።

አሁን ወደ ራሳችን ልምጣ፤ ጎትቼ አይደለም የማመጣው። በማድሪድ አጠገብ ኦልሜዳ በምትባል መንደር በ1564 ፔድሮ ፓኤዝ ተወለደ። ኢየሱሳዊ ሆነ፤ ወደ ኢትዮጵያ ሲጓዝ ተይዞ ሰባት ዓመት በየመን ታሰረ፤ በ1603 ዳግመኛ ሞክሮ ገባ። አማርኛና ግዕዝ ተማረ፣ በ1618 ግሽ ዓባይን አየ፣ ጎርጎራ ላይ ለአፄ ሱስንዮስ አነጸ፣ በ1622 እዚያው ሞተ። በዚያ ዓመት ንጉሡ ካቶሊክነታቸውን በይፋ ተናገሩ። ከፓኤዝ በኋላ የመጡት ፓትርያርክ አልፎንሶ ሜንዴዝ ትዕግሥት አልነበራቸውም። ምእመኑ ዳግመኛ ይጠመቅ፣ አብያተ ክርስቲያናቱ ዳግመኛ ይባረኩ አሉ። ደም ፈሰሰ። በ1632 ሱስንዮስ የአባቶቹን ሃይማኖት መለሱ፤ ፋሲለደስም ኢየሱሳውያኑን አስወጡ።

ይህን ታሪክ ከኩስኮው አጠገብ አድርጌ ነው የማነበው። አንድ እምነት፣ አንድ ዘመን፣ አንድ ዓይነት ሰዎች። እዚህ ንጉሡን ያሳመነ እንጂ ሠራዊት አምጥቶ አገር የያዘ አልነበረም፤ ሕዝቡ እምቢ ማለት ይችል ነበር፤ አለም። በአንዲስ ማንኮ ኢንካ እምቢ ብሎ ተዋጋ፤ ተሸነፈ። የተሸነፈ ሕዝብ የቀረለት መንገድ ወደ ውስጥ መግባት ነበር፤ በሥዕሉ፣ በማዕዱ፣ በወሳንሳው ሥር። ጎርጎራ አጠገብ የኢየሱሳውያኑ ሕንጻ ፍርስራሽ ሆኖ ቀረ፤ ኩስኮ ላይ ካቴድራሉ ሞልቶ ይታያል። የቱ ሕዝብ ታደለ ብላችሁ ብትጠይቁኝ ለመመለስ አልቸኩልም፤ የእኛዎቹ መነኮሳት መልሱን ያውቁታል።

ቀደም ሲል ያዙልኝ ያልኩት ምስል አለ፤ ሳንቲያጎ በፈረስ፣ ኢንካው ከኮቴው ሥር። ይህ ምስል ተገልብጦም ይገኛል። የሮም ቤተ ክርስቲያን የምታስበው ኤልስባን የሚባል ቅዱስ አለ። እለ አጽብሐ ነው፤ የኛው አፄ ካሌብ፣ የናግራንን ክርስቲያኖች ሊታደግ ባሕር የተሻገረው። የቀርሜሎስ መነኮሳት የማኅበራቸው ቅዱስ አድርገው አስፋፉት። በአይቤሪያና በብራዚል ባሮችና ነጻ የወጡ አፍሪካውያን በየማኅበሮቻቸው ያከብሩት ነበር። ምስሉ ጥቁር ንጉሥ ነው፤ ጦር ይዟል፤ በእግሩ ሥር የወደቀው ንጉሥ ደግሞ ነጭ ነው። በባርነት ዘመን፣ በካቶሊክ መቅደስ ውስጥ፣ በቀሳውስት ቡራኬ።

ከኤልስባን ጋር የምትታሰበው ቅድስት ኤፊጌንያ ናት። በላቲን ገድላት ሐዋርያው ማቴዎስ ያጠመቃት የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ተብላ ትታወቃለች። በእነዚያ መጻሕፍት ኢትዮጵያ ማለት ብዙ ጊዜ የጥቁር ሕዝብ አገር ሁሉ ነውና በታሪክ ሚዛን አልመዝናትም። ከሊማ በስተ ደቡብ በካኜቴ አውራጃ ላ ኬብራዳ የምትባል የአፍሮ ፔሩ ሰዎች መንደር አለች፤ የሸንኮራ እርሻ አገር፣ የባሪያ አገር የነበረ። በየሴፕቴምበሩ ኤፊጌንያን በካሆን ከበሮ ያነግሷታል።  ለእነሱ የጥቁሮች ሙዚቃና ጭፈራ ጠባቂ ናት፤ አገሯንም ኢትዮጵያ ነው ይላሉ።

ከእኔ ይህ ነው። ጥያቄ ያለው፣ ይልቁንም የሚቃወመኝ ካለ፣ መድረኩ የእናንተ ነው።